ከጉዞው የሚቀረው ማን ነው?

እንድናገርበት የተጋበዝኩበት ርእስ አካል ጉዳተኞች፣ አረጋውያን፣ ሕሙማንና ሕፃናት ወደ ዱር ገደሉ በሚደረግ ጉዞ ያለ ጉዳት እንዲሳተፉ ምን እናድርግ የሚል ነው። ርእሱ ለቱሪስት ከተማ እንጂ ለአበርገሌ ቆላ አይስማማም የሚል ሰው በዚህ አዳራሽ ሊኖር ይችላል። ስለዚህ መጀመሪያ ጉዳዩ የእኛ መሆኑን አሳያለሁ። ቀጥዬ ሰውን ቤት ማስቀረት ጥንቃቄ ነው የሚለውን አስተሳሰብ እሞግታለሁ። ከዚያ ዝግጅቱ በተግባር ምን እንደሚመስል እናያለን፤ በስተመጨረሻ የሚነሡትን ተቃውሞዎች እንመለከታለን።

ዋግ ኽምራ ውስጥ ዳገትና ገደል የዕለት መንገድ ነው። ልጅ ፍየል አስከትሎ የሚወርድበት ሸለቆ፣ ወጣት መረብ ይዞ የሚገባበት የተከዜ ሐይቅ፣ ገበያተኛ ሌሊት ተነሥቶ የሚያቋርጠው በረሃ ሁሉም ከኑሮ ጋር የተቆራኙ ናቸው። በዚያ ላይ ለበረከትና ለደስታ የምናደርጋቸው ጉዞዎች አሉ። ለገና ወደ ላሊበላ፣ ለመስከረም 21 ወደ ግሸን ማርያም፣ በቅርባችንም ሰቆጣ አጠገብ ወዳለው ውቅር መስቀለ ክርስቶስ የሚሄደው ምእመን ብዙ ነው። ነሐሴ ላይ የሻደይ በዓል ሲደርስ ልጃገረዶች ተጠራርተው ይወጣሉ። የትምህርት ቤት ክበባትም ተማሪ ይዘው ለጉብኝት ይሄዳሉ። እነዚህን ጉዞዎች አስቡና ከጉዞው የቀረው ማን እንደሆነ ራሳችሁን ጠይቁ። በክራንች የሚሄደው ልጅ፣ ዐይነ ስውሯ ተማሪ፣ የሚጥል በሽታ ያለበት ጎረምሳ፣ ጉልበታቸው የደከመ አያት ናቸው። ብዙውን ጊዜ ያስቀረናቸው ጠልተናቸው አይደለም፤ አዝነንላቸው ነው። «ለአንተው ብለን ነው፣ ይቅርብህ» እንላለን፤ ስንመለስ ደግሞ ያየነውን እናወራለታለን።

ጥያቄ የማነሣው በዚህ ርኅራኄ ላይ ነው። «ይቅርብህ» ስንል የምንመዝነው አንዱን ወገን ብቻ ነው። ቢያዳልጠውስ? ጀልባው ቢገለበጥስ? ጥያቄዎቹ ተገቢ ናቸው፣ መልስም ይሻሉ። ነገር ግን ቤት መቅረትም ጉዳት አለው፤ ቀስ ብሎ ስለሚመጣ አንቆጥረውም እንጂ። የማይንቀሳቀስ ጡንቻ ይመነምናል፣ መገጣጠሚያ ይደርቃል፤ ለሳምንታት አልጋ የያዘ አረጋዊ ተነሥቶ የመሄድ አቅሙ ይከዳዋል። ወንዙ የት ጋ እንደሚጠልቅ፣ የትኛው መንገድ በክረምት እንደሚናድ ያልተማረ ልጅም አንድ ቀን የግድ መውጣት ሲመጣበት ከሁሉም በላይ የሚጎዳው እሱ ነው። የግድ መውጣት ምን እንደሆነ ደግሞ ለእናንተ አይነገርም፤ በሰሜኑ ጦርነት ከአበርገሌ ተፈናቅሎ ሰቆጣ የተጠለለውን ሕዝብ ታስታውሳላችሁ። በሰላሙ ጊዜ ዳገት እንዳይወጣ የተከለከለ ሰው በክፉ ቀን ያንኑ ዳገት ያለ ልምምድ፣ ያለ አጋዥና በጨለማ ሊወጣው ይገደዳል። ታዲያ ከለከልነው እንጂ መች ጠበቅነው?

እስቲ ከእኛ ብዙም ሳይርቅ ወደ ስሜን ተራሮች እንሻገር። እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት የተመዘገበውን ይህን ፓርክ ለማየት የሚመጣ ጎብኚ ብዙውን ጊዜ ጤነኛ፣ ጎልማሳና ተራራ የለመደ ነው። ከ4,500 ሜትር በላይ ከፍታ ወዳለው ወደ ራስ ደጀን ሲነሣ ግን ማን አብሮት እንዳለ ተመልከቱ። መንገድ የሚያሳይ አስጎብኚ አለ፤ መሣሪያ የያዘ ስካውት አለ፤ ድንኳኑንና ስንቁን የምትሸከም በቅሎ አለች፤ በቅሎዋን የሚነዳ ሰው አለ፤ ብዙ ጊዜ ምግብ አብሳይም ይጨመራል። ይህ ሁሉ ድጋፍ ለአንድ ጠንካራ ሰው ነው። ሆኖም በመነሻው ከተማ በደባርቅ «ያለ እርዳታ የማትችል ከሆነ ይቅርብህ» የሚለው አንድም ሰው የለም። በተራራ ላይ እርዳታ የሁሉም ሰው ወግ ነው፤ ከፍለው ሲያገኙት አገልግሎት እንለዋለን፣ አካል ጉዳተኛ ሲፈልገው ሸክም እንለዋለን። የዛሬው ንግግሬ በሙሉ በዚህች ነጥብ ላይ የቆመ ነው። ዐይነ ስውሩ መንገድ የሚነግረው ሰው፣ እግሩ የማይታዘዘው በቅሎ ቢፈልጉ የጠየቁት ያው ጎብኚው የተሰጠውን ነው።

ለዚህ ማስረጃ ፍለጋ ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም። እ.ኤ.አ. በ2024 በፓሪስ ፓራሊምፒክ ኢትዮጵያዊቷ ዐይነ ስውር ሯጭ ያየሽ ጌቴ በ1,500 ሜትር ወርቅ ስታጠልቅ ከጎኗ የሮጠው መሪዋ ክንዱ ሲሳይ ነበር። የሮጠችበት ምድብ ማየት ለማይችሉ ሯጮች የተለየ ሲሆን ሯጯና መሪዋ በአጭር ማሰሪያ ይያያዛሉ። ደንቡ መሪው እንዳይጎትት ይከለክላል፤ መጨረሻው መስመር ላይም ሯጯ ከመሪዋ ቀድማ መግባት አለባት። የመሪው ድርሻ መንገዱን ማሳወቅ ነው፤ ሩጫው የእሷ ነው። የጥሩ እርዳታ ልክ እዚህ ደንብ ውስጥ ተጽፏል፤ ወደ በረሃና ወደ ገደል ስንወጣም ከዚህ የተሻለ መመሪያ አላገኝም።

ሁለተኛው ማስረጃ አሳዛኝ ነው። እ.ኤ.አ. መጋቢት 1993 በደቡብ እንግሊዝ ላይም ቤይ በተባለ የባሕር ወሽመጥ የትምህርት ቤት ተማሪዎች ከመምህራቸውና ከሁለት አሠልጣኞች ጋር በትናንሽ ታንኳዎች ወጡ። ነፋስና ማዕበል ወሰዳቸው፤ የድረሱልን ምልክት የሚልኩበት መሣሪያ አልያዙም፤ አራት ታዳጊዎች ሞቱ። ጉዞውን ባዘጋጀው ማእከል ቀደም ሲል የሠሩ አሠልጣኞች የጥንቃቄው ጉድለት ሰው እንደሚያስገድል በደብዳቤ አስጠንቅቀው ነበር። ማእከሉን የሚያስተዳድረው ኩባንያ ሥራ አስኪያጅ ተከሶ ታሠረ። ለዛሬ የሚጠቅመን ግን ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። አገሪቱ ልጆች ወደ ባሕርና ወደ ተራራ እንዳይሄዱ አልከለከለችም። እ.ኤ.አ. በ1995 ሕግ አውጥታ ከ18 ዓመት በታች ያሉትን ወደ ተራራ፣ ወደ ዋሻና ወደ ውኃ የሚወስድ ድርጅት ዝግጅቱ ተመርምሮ ፈቃድ እንዲያወጣ አደረገች። የሞቱት ልጆች አካል ጉዳተኞች አልነበሩም፤ የገደላቸው የዝግጅት ጉድለት ነው። ዝግጅት ከሌለ ብርቱውም ይሞታል፤ ካለ ደካማውም ደርሶ ይመለሳል።

ወደ ተግባሩ ልግባ። ዝግጅት ከጥያቄ ይጀምራል፤ ጥያቄውም ለራሱ ለሰውዬው ነው መቅረብ ያለበት። አባቱን፣ ወንድሙን ወይም መምህሩን ጠይቀን እሱን የምናልፈው ልማድ መቆም አለበት። ምን ትችላለህ? የቱ ላይ ትቸገራለህ? ማን ቢያግዝህ ትወዳለህ? ምን መድኃኒት ትወስዳለህ? መልሱ በአንድ ገጽ ወረቀት ላይ ይጻፍ፤ ወረቀቱም ጉዞውን በሚመራው ሰው ኪስ ይግባ። ማብራሪያው ደግሞ ሰውዬው በሚሰማው ቋንቋ ይሁን። በኽምጣና አፉን ለፈታ ሕፃን የገደልን አደጋ በአማርኛ ብቻ ነግሮ «ነግሬዋለሁ» ማለት ራስን መሸንገል ነው።

ዐይነ ስውር መምራት ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ሁላችንም የምናውቀው ስለሚመስለን ብዙ የምንሳሳትበት ነውና። ባብዛኛው የምናየው መሪው የዐይነ ስውሩን እጅ ጨብጦ ሲጎትት ነው። በኮረት መንገድ ላይ ይህ ሁለቱንም ይጥላል። የሚሻለው ዐይነ ስውሩ ራሱ የመሪውን ክንድ ከክርኑ ከፍ አድርጎ እንዲይዝና ግማሽ እርምጃ ወደ ኋላ ሆኖ እንዲከተል ነው። የመሪው ሰውነት ሲወርድ፣ ሲዞርና ሲቆም በክንዱ በኩል ይሰማዋል። መንገዱ ሲጠብ መሪው ክንዱን ወደ ጀርባው ያዞራል፤ ተከታዩ ልክ ከኋላው ይሰለፋል። ረጅም ዘንግ ካለ ደግሞ ሁለት የሚያዩ ሰዎች ጫፍና ጫፉን ይዘው ዐይነ ስውሩ መካከል ላይ ይይዘዋል። ከሁሉ በላይ ግን ንግግር ይታረም። «ተጠንቀቅ!» ብሎ መጮኽ ምንም አይነግረውም፤ ደንግጦ ይቆማል ወይም በተሳሳተ በኩል ይረግጣል። «ሁለት እርከን ወደ ታች፣ ገደሉ በግራህ ነው» ሲባል እግሩን የት እንደሚያሳርፍ ያውቃል። እ.ኤ.አ. በ2001 ኤቨረስት ጫፍ የደረሰው ዐይነ ስውሩ አሜሪካዊ ኤሪክ ዌይንማየር ከፊቱ የሚሄደው ጓደኛው ያሰረውን ቃጭል ድምፅ እየሰማ ነበር የሚከተለው። ፍየል በሞላበት በአበርገሌ ቃጭል አይጠፋም።

እግራቸው ለማይታዘዝላቸው ሰዎች እኛ ዘንድ ሁለት የቆዩ መላዎች አሉ፤ በቅሎና ቃሬዛ። ሁለቱንም የምናውቃቸው ለሙሽራና ለበሽተኛ ነው፤ ለማየት ለሚጓጓ ልጅ አውጥተናቸው አናውቅም። በፈረንሳይ ጆዌል ክሎዴል የተባለ የተራራ አስጎብኚ የጡንቻ ሕመም ላለበት አንድ የቤተሰቡ ልጅ ብሎ እ.ኤ.አ. በ1987 አንድ ጎማ ያለው ወንበር ሠራ፤ አንዱ ከፊት ሌላው ከኋላ ሆነው የመኪና መንገድ በሌለበት ሁሉ ይዘውት ይሄዳሉ። ከቃሬዛችን ብዙም አይርቅም፤ ብረት በያጅና አንድ የሞተር ብስክሌት ጎማ ባለበት ከተማ የማይሞከር ነገር አይደለም። በቅሎን በተመለከተ ግን ጥንቃቄው ይለያል። ኮርቻ ላይ አውጥቶ «አይዞህ» ማለት አይበቃም፤ ወገብ የሚደግፍ ነገር፣ ልጓም የሚይዝ አንድ ሰው፣ በግራና በቀኝ የሚሄዱ ሁለት ሰዎች ያስፈልጋሉ። እንዳይወድቅ ብሎ ከኮርቻው ጋር በገመድ ማሰር ፈጽሞ አይገባም፤ በቅሎዋ ከወደቀች አብሯት ይወድቃል። ቁልቁለቱ ሲከፋ ወርዶ በቃሬዛ ቢሄድ ይሻላል።

በዚሁ ላይ የተደበቀ አደጋ አለ። በአከርካሪ ጉዳት ወይም በሥጋ ደዌ ምክንያት ስሜት የጠፋበት አካል ሲቆስል አያምም። የቆላ ድንጋይ በቀትር እንዴት እንደሚያቃጥል ታውቃላችሁ። ጫማ ውስጥ የገባች ጠጠር ሌላውን ወዲያው ታስቆመዋለች፤ እሱ ግን ማታ ጫማው ውስጥ ደም ሲያይ ነው የሚያውቃት፤ ያቺ ቁስል ብታመረቅዝ እግር ልታሳጣ ትችላለች። ስለዚህ በየዕረፍቱ ጫማ ይውለቅ፣ ይራገፍ፣ እግር ከሥርና ከጣት መካከል ይታይ። ኮርቻ ላይ የዋለም በየጊዜው ወርዶ መቀመጫውን ያሳርፍ። ይህን ለማድረግ ገንዘብ አያስፈልግም፤ የሚያስታውስ ጓደኛ ይበቃል።

የሚጥል በሽታ ካለበት ሰው ጋር መሄድን ሕዝባችን ከሁሉ ይበልጥ ይፈራዋል፤ ፍርሃቱ ግን ወደ ተሳሳተ ቦታ ነው የሚያመለክተው። በሽታው በልሃጭ አይተላለፍም፤ የጣለውን ሰው መንካት አያስይዝም። ሲጥለው ክብሪት ጭሮ ጭሱን ማስሸተት አይጠቅምም፤ በጥርሱ መካከል ማንኪያ ወይም እንጨት ማስገባት ጥርስ ይሰብራል፣ ያንቃል። ማድረግ ያለብን በዙሪያው ያለውን ድንጋይ ማንሣት፣ ከራሱ ሥር ልብስ ማድረግ፣ መንቀጥቀጡ ሲበርድ በጎኑ ማጋደምና ሰዓት መመልከት ነው። አምስት ደቂቃ ካለፈ ወይም ሳይነቃ ደግሞ ከጣለው ወደ ጤና ተቋም ይወሰድ። እውነተኛው አደጋ ያለው ውኃ፣ ገደልና እሳት አጠገብ ነው፤ እዚያ ብቻውን አይሁን። እንቅልፍ ማጣትና መድኃኒት ማቋረጥም ሕመሙን ይቀሰቅሱታል። ሌሊቱን በማኅሌት ለሚያድርና ወደ ጠበል ለሚሄድ ምእመን ይህ ትልቅ ነገር ነው። ጠበሉን እየተጠመቀ መድኃኒቱን እንዲቀጥል ቢነገረው ብዙ ሰው ይተርፋል፤ አባቶች ሆይ፣ በዚህ ጉዳይ የእናንተ ቃል ከሐኪም ቃል ይበልጥ ይሰማል።

የቀሩትን በአጭሩ ልለፍ። መስማት ለተሳነው ሰው ጩኸትና ፉጨት ስለማይጠቅሙ ከመነሣት በፊት «ቁም»፣ «ተመለስ» እና «ና» የሚሉ የእጅ ምልክቶችን ሁሉም ይማር፤ ለሌሊት ባትሪ ይያዝ። ለአረጋውያንና ለነፍሰ ጡሮች ሙቀቱ ነው ጠላታቸው፤ ከንጋቱ 12 ሰዓት ተነሥቶ ረፋድ 4 ሰዓት ላይ ጥላ መያዝ፣ ሳይጠማ መጠጣት። ወደ ስሜን ወይም ወደ ሌላ ከፍተኛ ደጋ የሚሄድ ቡድን ደግሞ ከ3,000 ሜትር በላይ የመኝታውን ከፍታ በአንድ ሌሊት ከ500 ሜትር በላይ አይጨምር፤ ራስ ምታትና ማስታወክ የጀመረው ሰው ይውረድ እንጂ አይግፋ።

ወደ ተቃውሞዎቹ ስንመጣ፣ «በጀት የለንም» የሚለው ቀድሞ ይነሣል። ከዘረዘርኳቸው ውስጥ አብዛኞቹ ገንዘብ አይጠይቁም፤ ጥቂቶቹ ይጠይቃሉ፣ ይህን አልክድም። «አንድ ቢሞት መምህሩ ነው የሚጠየቀው» የሚለው የበለጠ ይከብዳል፤ ፍርሃቱም እውነተኛ ነው። ነገር ግን የእንግሊዙ ታሪክ ያሳየን ተጠያቂው ተነግሮት ያልተዘጋጀው ሰው መሆኑን ነው። ጠይቆ፣ ጽፎ፣ ወላጅ አስፈርሞ፣ አጋዥ መድቦ የወጣ መምህር ምንም ሳይጽፍ ጤነኞችን ብቻ ይዞ ከወጣው ይልቅ በሕግም በኅሊናም የተጠበቀ ነው። «ሁላችንንም ያዘገዩናል» ለሚሉ ደግሞ የምመልሰው አጭር ነው፤ የጉዞው ፍጥነት በዝግተኛው ይለካ፤ ጫፍ ላይ መድረስ ግዴታ ካልሆነ ግማሽ መንገድም ጉዞ ነው። አካል ጉዳት የኃጢአት ቅጣት ነው የሚለው ወሬ ግን ክርክርም አይገባው፤ ከወሎ ተነሥታ ዐይኗን በልጅነቷ ያጣችውና እ.ኤ.አ. በ2017 ዓለም አቀፍ ሽልማት የተቀበለችው የሕግ ባለሙያ የትነበርሽ ንጉሤ ትበቃለች።

ከተቃዋሚዎቹ ጋር የምስማማባቸው ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው፣ ጦርነት ባለፈበት ምድር ያልፈነዳ ተተኳሽ ሊኖር ይችላል፤ አካባቢው ባልተጣራበት ወይም ጸጥታው ባልተረጋገጠበት ቦታ ማንም አይሂድ፤ ጤነኛውም ጭምር። እንግዳ ብረት ያየ ልጅ እንዳይነካ፣ በመጣበት ዱካ እንዲመለስና ለአዋቂ እንዲናገር ከመነሣት በፊት ይነገረው። ሁለተኛው ስለ ሰው ነው፤ በአደባባይ ስለማናነሣው ሳልሸፋፍን እናገረዋለሁ። የአእምሮ እድገት ውስንነት ያለባት ልጅ፣ መናገር የማይችል ልጅ፣ ከቤት የራቁ ሕፃናት ከገደል ይልቅ አብሯቸው ከሄደ ሰው ጉዳት ሊደርስባቸው ይችላል። ስለዚህ አንድ አዋቂ ከአንድ ልጅ ጋር ብቻውን ከእይታ ውጭ አይሁን፤ ልብስ ማውለቅና መታጠብ የሚጠይቅ እገዛ በልጁ ፈቃድ፣ ለልጃገረድ በሴት ይሁን፤ ልጁ የማይወደው ነገር ሲደርስበት ለማን እንደሚናገር አስቀድሞ ይወቅ። ፈቃድን በሚመለከትም የቤተሰብ ፊርማ የልጁን ፍላጎት አይተካም፤ አጭር የሙከራ ጉዞ አድርጎ ፊቱን ማየት ብዙ ይነግራል።

ሕጉስ ምን ይላል ለምትሉ፣ ኢትዮጵያ የአካል ጉዳተኞችን መብት ዓለም አቀፍ ስምምነት እ.ኤ.አ. በ2010 በአዋጅ ቁጥር 676/2002 አጽድቃለች። የስምምነቱ 30ኛ አንቀጽ በባህል፣ በመዝናኛና በስፖርት የመሳተፍን መብት የሚመለከት ነው። ሕገ መንግሥቱም በአንቀጽ 41 መንግሥት አቅም በፈቀደ መጠን አካል ጉዳተኞችን እንዲደግፍ ያዛል። «አቅም በፈቀደ መጠን» የሚለው ሐረግ ለብዙ ባለሥልጣን መሸሸጊያ ሆኗል፤ ነገር ግን አቅሙ መኖር አለመኖሩ የሚታወቀው ተሞክሮ ነው።

እንግዲህ ቀጣዩ የትምህርት ቤት ጉብኝት ከመነሣቱ በፊት ሁለት ነገር እንድታደርጉ ሐሳብ አቀርባለሁ። መምህራን ያቺን አንድ ገጽ መጠይቅ በአማርኛና በኽምጣና አዘጋጁ፤ የጤና ባለሙያዎችም ከየክበቡ ሁለት ተማሪዎችን ስለሚጥል በሽታና ስለ ቃሬዛ አያያዝ አሠልጥኑ። የቀረው ሐይቁ ነው። እ.ኤ.አ. በ2009 የተመረቀው የተከዜ ግድብ 188 ሜትር ከፍታ አለው፤ ከኋላው የተኛው ውኃ ዋና ለማያውቅ ሰው ቀልድ አያውቅም። እዚያ ዓሣ የምታሰግሩ ማኅበራት አካል ጉዳተኛ ወጣት በአባልነት ብትቀበሉ፣ በየጀልባው የነፍስ አድን ጃኬት መኖር አለበት፤ ለእሱ ብቻ ሳይሆን ለሁላችሁም። ወጪውን ማኅበሩ፣ ወረዳው ወይስ ዓሣ ገዢው ነጋዴ ይሸፍን? የወረዳው ኃላፊዎችም የማኅበራቱ ሊቃነ መናብርትም እዚሁ ስላላችሁ ውይይቱን ከዚህ እንጀምር።